«በጀት የለም» ችሎት ሲቆም

ጠጋ በሉ እንጂ፣ አቦሉ ሊወርድ ነው። ልጆቹም ይግቡ፤ የዛሬው ወሬ ለልጅም ይሆናል። ጅብ እንኳ አይጠፋበትም።

የማወራችሁ ስለ ገንዘብ ነው። ስላለው ገንዘብ አይደለም፣ ስለሌለው ነው።

እማማ ይህን ቡና ያፈሉልን በገዙት ውሃ ነው። ጀሪካኗ ያቻት፣ በሩ ጥግ። ከግማሽ በታች ናት። ሲኒ ሲያጥቡ አይታችኋቸው ከሆነ፣ የመጀመሪያው ሲኒ እጣቢ ለሁለተኛው ይሆናል፣ የሁለተኛው ለሦስተኛው፣ መጨረሻ ላይ የቀረው ጓሮ ላለችው እንሰት። አይደፋም። ወልቂጤ ውስጥ ውሃ እንደዋዛ የሚደፋ ሰው ካያችሁ ወይ እንግዳ ነው፣ ወይ ግቢው ውስጥ ጉድጓድ አስቆፍሯል።

ባለፈው ክረምት ከሰፈራችን ሦስት ሰዎች ለአቤቱታ ተመርጠን ነበር። አንዱ እኔ ነኝ፣ ሌላው እዚህ አጠገቤ የተቀመጡት አባባ። ጉዳያችን ቦይ ነው። ከላይ ከመንገዱ የሚወርደው ጎርፍ መሄጃ አጥቶ በየሰው ግቢ ይገባል፤ ዝናቡ ሲያባራ እዚያው ይረጋል፣ ይሸታል፣ የወባ ትንኝ ይፈለፈልበታል። በቧንቧ ና ስንለው የሚቀረው ውሃ ሳንጠራው በበር ይገባል ማለት ነው። አቤት ያልንበትን ቢሮ ስም አልጠራም። ጠረጴዛው ጀርባ የተቀመጠው ልጅም ክፉ ልጅ አልነበረም፤ ተነሥቶ ለአባባ ወንበር ሰጥቷል፣ ማመልከቻችንንም እስከ መጨረሻው አንብቧል። ከዚያ መነጽሩን አውልቆ፣ «አባባ፣ ያላችሁት ሁሉ እውነት ነው፤ በጀት ግን የለም። ኅብረተሰቡ ካዋጣ እኛ እናስተባብራለን» አለን።

በወሩ ተመለስን። በጀት የለም። መስቀል ካለፈ በኋላ ተመለስን። በጀት የለም። በሦስተኛው ቀን ስንወጣ አባባ ደረጃው ላይ ቆም አሉ። ዱላቸውን ተደግፈው ቦዩ ወዳለበት አቅጣጫ ሲያዩ ቆዩና፣ «ልጄ፣ ሰው ሰረቀኝ ብዬ መክሰስ እችላለሁ። መታኝ ብዬም እችላለሁ። ‹የለኝም› ያለኝን የምከስበት ዳኛ አለ?» አሉኝ።

ያን ቀን መልስ አልነበረኝም። ዛሬ አለኝ፤ ግማሽ መልስ። እሱን ነው የምተርክላችሁ።

እንዲህ ያለ ዳኛ አንድ ጊዜ ነበር። እዚህ አይደለም፣ ህንድ ነው። ማድያ ፕራዴሽ በሚባለው ግዛት ውስጥ ራትላም የምትባል ከተማ አለች። የባቡር መስመሮች የሚገናኙባት ከተማ ናት፤ የኛዋ የመኪና መንገዶች እንደሚገናኙባት ማለት ነው። ከሽምብራ ዱቄት ተሠርቶ በዘይት የሚጠበስ በርበሬ የበዛበት ቁርስ በስሟ ይጠራል። ለእኛ ታሪክ የምትፈለገው ግን በጥብሱ አይደለም፣ በቦይዋ ነው።

በአንዱ ሰፈሯ መንገድ ዳር የፍሳሽ ቦይ የሚባል ነገር ነበረ፤ ቦይ አይባልም እንጂ፣ የረጋ እበትና ጭቃ ነው። የሕዝብ መጸዳጃ ቤት አልነበረም፤ ድሃው የት ይሂድ፣ እዚያው ነው የሚቀመጠው። ከላይ በኩል ደግሞ የአልኮል ፋብሪካ ግም ፍሳሹን ይለቅበታል። ትንኙን አትጠይቁኝ። ነዋሪዎቹ ለማዘጋጃ ቤቱ አመለከቱ፣ አመለከቱ፣ ደከማቸው። ከዚያ አንድ ነገር አደረጉ። የሕዝብ ጤናን የሚያውክ ነገር እንዲነሣ ዳኛ ማዘዝ ይችላል የሚል፣ ከእንግሊዞች ዘመን የወረሱት አንቀጽ በወንጀል ሥነ ሥርዓት ሕጋቸው ውስጥ አለ። አቧራ የጠጣ አንቀጽ ነው። እሱን ይዘው የወረዳ ዳኛ ፊት ቀረቡ።

ማዘጋጃ ቤቱ ምን ብሎ ተከራከረ መሰላችሁ? ሁለት ነገር። አንደኛው፣ ገንዘብ የለኝም። ሁለተኛው ይብሳል፤ ሰዎቹ ወደዚያ ሰፈር የገቡት ሽታውን እያወቁ፣ ወደው ነው፤ አሁን ምን ያስጮኻቸዋል?

ቡናው ይገነፍላል፣ እማማ።

ዳኛው በስድስት ወር ውስጥ መላ አብጅ ብሎ ማዘጋጃ ቤቱን አዘዘ። ማዘጋጃ ቤቱ ይግባኝ አለ፤ በላይኛው ችሎት ትእዛዙ ተሻረለት። ነዋሪዎቹ ደግሞ ወደ ግዛቱ ከፍተኛ ፍርድ ቤት ሄዱ፤ ትእዛዙ ተመለሰ። እዚህ ላይ ማዘጋጃ ቤቱ ቢያርፍ ይሻለው ነበር። ለቦይ ገንዘብ የለኝም ያለው መሥሪያ ቤት ለጠበቃ ግን አላጣም፤ ዴልሂ ድረስ፣ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ድረስ ሄደ። ጅብ ከማያውቁት አገር ሄዶ ቁርበት አንጥፉልኝ ይል የለ? ይኸው ጅባችሁ። ራትላም ውስጥ ገመናውን ሁሉም የሚያውቅበት፣ ዴልሂ ሲደርስ ምስኪን ድሃ ነኝ አለ።

ያጋጠመው ዳኛ ግን ክሪሽና አየር ነበር። ይህ ሰው ወንበር ላይ ከመቀመጡ በፊት በኬራላ ግዛት መንግሥት ውስጥ ሚኒስትር የነበረ ነው፤ ስለዚህ በጀት የሚባለው ነገር ከየት እንደሚቆረጥ፣ የት እንደሚደበቅ ያውቃል። አጠገቡ ቺናፓ ሬዲ የሚባል ሌላ ዳኛ ተቀምጧል። ሐምሌ 1972 ዓ.ም. ነው፣ በፈረንጆቹ 1980። ፍርዱን ሲሰጡ፣ የሕዝብን ጤና ሊጠብቅ የተቋቋመ ማዘጋጃ ቤት ገንዘብ የለኝም ብሎ ከግዴታው ሊሸሽ አይችልም አሉ። በሕገ መንግሥታቸው ክፍል ሦስት የተጻፉት ሰብዓዊ መብቶች በጀት ቢያዝላቸውም ባይያዝላቸውም ይከበራሉ አሉ። መጸዳጃው እንዲሠራ፣ ቦዩ እንዲጠረግ፣ ትንኙ እንዲጠፋ፣ የፋብሪካው ፍሳሽም እንዲቆም አዘዙ። ገንዘቡስ? የግዛቱ መንግሥት በብድር ወይም በድጎማ ይርዳ፤ ማዘጋጃ ቤቱም አጣዳፊ ካልሆነው ወጪው ላይ ቀንሶ ወደዚህ ያዙር። ትእዛዙን ችላ ያለ ሹም ደግሞ በግሉ በወንጀል ሊጠየቅ እንደሚችል አስታወሱት።

አባባ ይህን ስነግራቸው የጠየቁኝ አንድ ነገር ብቻ ነው። «ከሳሾቹ ስንት ነበሩ?» ጥያቄው ትልቅ ነው፣ እመለስበታለሁ።

በዚያው ሰሞን የህንድ ፍርድ ቤቶች ሌላም በር ከፍተው ነበር። ድሃ ጠበቃ መግዛት ካልቻለ፣ ለእሱ ሲል ሌላ ሰው አቤት ይበልለት አሉ። ባግዋቲ የሚባለው ዳኛ፣ ድሃውን ወክሎ ለፍርድ ቤቱ የተጻፈ ደብዳቤ እንኳ እንደ ክስ ሊቆጠር ይችላል እስከ ማለት ደረሰ። ፖስት ካርድ ጭምር! በቢሃር ግዛት ለፍርድ ሳይቀርቡ ዓመታት የታሠሩ ሰዎች የተፈቱት በዚህ ዓይነት ክርክር ነው፤ እነሱ ሳይሆኑ ሌላ ሰው ጮኾላቸው። የሕዝብ ጥቅም ክስ የሚሉት ይህን ነው። በኋላ በ1985 ዓ.ም. የመንደር ምክር ቤቶች በሕገ መንግሥታቸው ውስጥ ቦታ አገኙ፤ በየአምስት ዓመቱ ለእነሱ የሚደርሰውን ገንዘብ የሚያጠና የፋይናንስ ኮሚሽን በየግዛቱ ይቋቋም ተባለ። ገንዘቡ ግን በወረቀት ላይ እንዳለው አይወርድም። ያኔ የመንደር ሹሙም፣ ገበሬውም፣ ማኅበሩም ያንኑ የተከፈተ በር ያንኳኳሉ። ሁሉም ይሳካላቸዋል አልልም። መዝገብ እንደ ቅጠል ይደራረባል፣ ዓመታት ይነጉዳሉ፤ ስሙ ጋዜጣ ላይ እንዲወጣ ብቻ የሚከስም በዝቶ ጠቅላይ ፍርድ ቤታቸው በፈረንጆቹ 2010 ጠበቅ ያለ መመሪያ እስከ ማውጣት ደርሷል። ቢሆንም በሩ አለ።

ቶናው ደረሰ። ስኳር ለሚፈልግ ስኳር፣ ጨው ለሚፈልግ ጨው።

አሁን ወደ አገራችን እንመለስ። እኛ ጉራጌዎች ለምን ከሳሽ አልሆንንም? ነገር እናውቃለን፣ ሙግትም አናጣም። የኛ ልማድ ግን ሌላ ነው፤ እኛ እናዋጣለን።

በ1950ዎቹ አጋማሽ፣ በጃንሆይ ዘመን፣ የጉራጌ መንገድ ሥራ ድርጅት ሲቋቋም ገንዘቡ የመጣው ከመርካቶ ነው። ሱቅ ያለው ከሱቁ፣ ጫማ የሚጠርገው ከሳጥኑ ሰጠ። አገር ቤት ያለውም ገበሬ አልቀረም። ከመሪዎቹ አንዱ ጄኔራል ወልደሥላሴ በረካ ነበሩ። በዚያ በቡታጅራ በኩል ደግሞ ከዓለም ገና ወላይታ ሶዶ የሚሄደው መንገድ እንዲህ ባለ ማኅበር የተጀመረ ነው፤ የቀኛዝማች ተካ ኤገኖ ስም እስከ ዛሬ ከዚያ መንገድ ጋር ይነሣል። አስቡት፤ መንግሥት መንገድ ሊሠራልን ይገባል ብሎ የሚከራከር ሕዝብ ሞልቶ፣ የኛ አባቶች ይህን ያህል እናዋጣለን፣ ቀሪውን እናንተ ሙሉ ብለው በገንዘብ ቀረቡ። ለአባቶቻችን ክብር ነው። በዚያ መንገድ ሄጄ ተምሬያለሁ፣ አልክድም።

ግን አንድ ነገር ልበላችሁ፤ ብትቆጡም ልበል። ያ መልካም ልማድ ዛሬ የቢሮ ማምለጫ ሆኗል። «ኅብረተሰቡ ካዋጣ» የምትለዋ ቃል ከአባቶቻችን አፍ ስትወጣ ኩራት ነበረች፤ ከጠረጴዛ ጀርባ ስትመጣ ግን በር መዝጊያ ናት። ስላዋጣን ማንም በጀቱ የት ገባ ብሎ አይጠይቅም። እኛም አንጠይቅም፤ ደረሰኙን ተቀብለን እንሄዳለን። የኔ ሰፈር ለቦዩ ቱቦ ሁለት ጊዜ አዋጥቷል። ቱቦው መጥቷል፣ ውሸት አልናገርም። መንገድ ዳር ተጋድሞ ልጆች ይደበቁበታል። መቅበሪያ በጀት የለም።

በጀቱ እንዴት እንደሚወርድ ላሳያችሁ። መስቀል ላይ ቅርጫ ስንገባ በሬው ይታረዳል፣ ቅጠል ይነጠፋል፣ መደብ ይመደባል አይደል? የአገሩ በጀትም እንዲሁ ነው። የፌዴራሉ ድጎማ ለክልሎች የሚከፋፈልበትን ቀመር የሚወስነው የፌዴሬሽን ምክር ቤት ነው፤ ሕገ መንግሥቱ በአንቀጽ 62 ሥልጣኑን ሰጥቶታል። ክልሉ የደረሰውን መደብ ይዞ ለወረዳና ለከተማ አስተዳደር ይመድባል፤ ደቡብ ክልል ሳለን ይህ የጥቅል ድጎማ አሠራር የተጀመረው በ1995 ዓ.ም. ነው። ወረዳው ሲመድብ ትልቁን ብልት ደመወዝ ይወስዳል፤ የመምህሩ፣ የጤና ባለሙያው፣ የግብርና ሠራተኛው ደመወዝ ነው፣ አይነካም። ቀጥሎ ሥራ ማስኬጃ ይነሣል። ካፒታል የሚሉት፣ ቦይና ድልድይ የሚሠራበት፣ ከአጥንቱ ላይ የተረፈው ነው። ቀበሌ ሲደርስ ቅጠሉ ይቀራል።

ይህን ከአፈ ታሪክ አልሰማሁም። በወረዳ ፋይናንስ ቢሮዎች በር ላይ የበጀት ሰሌዳ እንዲሰቀል ከተደረገ ዓመታት ሆኑ፤ ሕዝብ ያንብብ ተብሎ ነው። እኔ አንዱን ቆሜ አነበብኩ። መስታወቱ ተሰንጥቋል፣ ወረቀቱ ፀሐይ መትቶት ቢጫ ሆኗል። የደመወዙ መስመር ላይ ያለው ቁጥር ረጅም ነው፣ ዜሮው አያልቅም። ሥራ ማስኬጃው አጠር ይላል። የካፒታሉ መስመር ጋ ስደርስ ዝናብ በስንጥቁ ገብቶ ቀለሙን አጥቦታል። ጣቴን ልሼ ጠረግሁት፤ ምንም አልተነበበም። አጠገቤ የቆመ የባጃጅ ሾፌር፣ «ጋሼ፣ እሱን ዝናብ ባይነካውም አይነበብም» አለኝ።

የክልል ጥያቄው ከየት የመጣ ይመስላችኋል? የዞናችን ምክር ቤት ኅዳር 2011 ላይ ክልል እንሁን ብሎ ሲወስን ስለ ማንነትና ስለ ክብር ብዙ ተብሏል፤ ሥሩን ብትቆፍሩት ግን ቢላዋው ማን እጅ ይሁን የሚል ጥያቄም አለበት። ነሐሴ 2015 ላይ የማዕከላዊ ኢትዮጵያ ክልል ተመሠረተ፣ ወልቂጤም ቡታጅራም ከማዕከል ከተሞቹ መካከል ሆኑ። ስለዚያ ሌላ ቀን፣ ሌላ ቡና ላይ። የዛሬው ጥያቄ የአባባ ጥያቄ ነው።

ውሃውን ግን ሳልናገር አላልፍም። የካቲት 2015 ላይ የዚህ ከተማ ሰው ባዶ ጀሪካን ይዞ አደባባይ ወጣ። የጠየቀው ውሃ ነው። በተኩስ የሰው ሕይወት ጠፋ፤ የኢትዮጵያ ሰብዓዊ መብቶች ኮሚሽንም ጉዳዩን አጣርቶ ለሕዝብ ተናግሯል። የአባባ ጥያቄ ለእኔም ጥያቄ የሚሆንብኝ ያን ቀን ሳስታውስ ነው። የዳኛ በር ቢኖር ኖሮ ስንቱ ወደ አደባባይ ከመውጣት ወደ መዝገብ ቤት ይሄድ ነበር? ጀሪካን ይዞ ችሎት መግባት አይከለከልም መሰለኝ።

እኛ ዘንድ ለሌላው ሲል ችሎት የቆመ ሰው አልነበረም እንዳትሉኝ ብቻ። የቃቄ ወርድወት ማን ነበረች? በ19ኛው መቶ ክፍለ ዘመን የሙኽር ሴት ናት። የሰባት ቤት ሽማግሌዎች ነገር በሚያዩበት በየጆካ ሸንጎ ሴት አትቀመጥም፤ እሷ ግን ሄደች። ወንድ በላይዋ ላይ ሲያገባ ሴት ዝም በይ የምትባልበትን፣ ባል ካልፈታት ሌላ ማግባት የማትችልበትን ልማድ ተሟገተች። የሆነው ሁሉ በተራኪው ይለያያል፤ አንዱ አሸነፈች ይላል፣ ሌላው ለእሷ ብቻ ተፈቅዶላት ለሌሎቹ ተከለከለ ይላል፣ ብሔራዊ ቴአትር ደግሞ በመድረክ አሳይቶናል። እኔን የሚገርመኝ አሸነፈች አላሸነፈች አይደለም። ስትቆም የቆመችው ለራሷ ትዳር ብቻ አልነበረም፤ ሽማግሌዎቹም ይህ አንቺን ምን ይመለከትሻል፣ የሌላዋን ሴት ጉዳይ ሌላዋ ታምጣ ብለው አላባረሯትም። አደመጧት። ህንዶቹ ደብዳቤ ከመቀበላቸው ከመቶ ዓመት በላይ ቀድሞ ነው።

ዛሬስ? እዚህ ላይ ነው የአባባ ሌላው ጥያቄ፣ «ከሳሾቹ ስንት ነበሩ?» ያሉት የሚመጣው። የ1958ቱ የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕጋችን በአንቀጽ 33 በር ላይ ዘበኛ አቁሟል፤ በጉዳዩ ላይ ጥቅም የሌለህ ከሳሽ ልትሆን አትችልም ይላል። ዘበኛው የግል ጥቅምህን አሳየኝ ይልሃል። ቦዩ የኔም ነው ስትለው፣ የሁሉም የሆነ የማንም አይደለም ብሎ ይመልስሃል። ሕገ መንግሥቱ በ1987 ሲመጣ በአንቀጽ 37 በሩን ሰፋ አድርጎታል፤ ማኅበር ለአባላቱ፣ ሰውም ተመሳሳይ ጥቅም ላላቸው ወገኖቹ ፍትሕ መጠየቅ ይችላል አለ። የአካባቢ ብክለት ቁጥጥር አዋጅ 300/1995 ከዚያም አልፎ፣ ጥቅም አለህ ወይ ተብሎ ሳይጠየቅ ማንም ሰው በካዩን መክሰስ ይችላል አለ።

ሞከሩትም። አፓፕ የሚባል የባለሙያዎች ማኅበር የአቃቂ ወንዝ ሲበከል ዝም አለ ብሎ የአካባቢ ጥበቃ ባለሥልጣንን ከሰሰ። የኛ ራትላም ትሆን ነበር። ፍርድ ቤቶቹ ግን ባለሥልጣኑ ራሱ በካይ አይደለም፣ ሊከሰስ አይችልም ብለው ዘጉት። ፋብሪካውን ክሰስ፣ ቸል ያለውን ሹም ግን አትንካ እንደ ማለት ነው። ይህ ፍርድ ስሕተት ነበር እላለሁ፤ ዳኛ አይደለሁም፣ ግን ቦይ ዳር እኖራለሁ። ከዚያ በኋላ የወጣው የፌዴራል ፍርድ ቤቶች አዋጅ 1234/2013 ደግሞ በሕገ መንግሥቱ ምዕራፍ ሦስት ያሉ፣ ዳኛ ሊያያቸው የሚችሉ መብቶች ሲጣሱ የፌዴራሉ ከፍተኛ ፍርድ ቤት ትእዛዝ እንዲሰጥ ሥልጣን ሰጠው። ስለዚህ ጥያቄው በሩ የት ነው አይደለም። የቦዩ መብት ምዕራፍ ሦስት ውስጥ አለ ወይ ነው።

በረካው እየመጣ ነው፣ እንዳትነሡ። ሳይመርቁ አይነሣም።

ሕገ መንግሥቱን አንድ ትልቅ ቤት አድርጋችሁ አስቡት፣ የተለያየ ክፍል ያለው። አሥረኛው ክፍል ውስጥ፣ ጓዳው አካባቢ፣ አንቀጽ 90 ተቀምጧል። ንጹሕ ውሃ፣ ጤና፣ ትምህርት ለሁሉም ይላል፤ ሲጀምር ግን «የሀገሪቱ አቅም በፈቀደ መጠን» ብሎ ነው። ስታዩት ያ መነጽር ያለው ልጅ ነው። በጀት የለም። አቅም ሲፈቅድ እንጠራችኋለን። አብዛኛው ሰው፣ ጠበቃውም ጭምር፣ ስለ ውሃና ስለ ቦይ ሲጠየቅ ወደዚህ ጓዳ ነው የሚመራህ።

ሦስተኛው ክፍል ውስጥ፣ ሳሎኑ ውስጥ፣ ከሰብዓዊ መብቶቹ ጋር፣ ሌላ አንቀጽ ተቀምጧል፤ ሰው ብዙ አያነሣውም። አንቀጽ 41 ነው፣ ንዑስ ቁጥሩ 4። እሱ ደግሞ፣ ለጤና፣ ለትምህርትና ለሌሎች የማኅበራዊ አገልግሎቶች መንግሥት በየጊዜው እየጨመረ የሚሄድ ሀብት የመመደብ ግዴታ አለበት ይላል። እየጨመረ የሚሄድ! ልብ በሉ፣ ስለ ቦዩ አይደለም የሚያወራው፤ ስለ በጀቱ ራሱ ነው። አምና ይህን ያህል ከመደብክ ዘንድሮ ጨምር። ከቀነስክ ወይም እዚያው ከቆምክ፣ «የለም» ማለት ሰበብ መሆኑ ቀርቶ ራሱ ጥፋት ይሆናል። ክሪሽና አየር ዴልሂ ላይ የህንዱን ክፍል ሦስት ይዞ የፈረደውን፣ የኛ ሰዎች ምዕራፍ ሦስት ውስጥ ጽፈው አስቀምጠውልናል።

አንቀጽ 50 አለላችሁ ደግሞ፤ ሕዝቡ በቀጥታ እንዲሳተፍ ለታችኛው የአስተዳደር እርከን በቂ ሥልጣን ይሰጠዋል ይላል። ሥልጣን ይላል፣ ገንዘብ አይልም። የቀበሌው ማኅተም አለ፣ ሊቀ መንበሩ አለ፣ ቅጠሉ ባዶ ነው። ይህን የጻፉት ሰዎች ቅርጫ ገብተው አያውቁም ነበር ብዬ አላምንም።

ይህን ሁሉ ያወራሁት ነገ ተነሥተን እንክሰስ ለማለት አይደለም። ጠበቃ ገንዘብ ይፈልጋል፣ ዳኛውም ፖለቲካ ነው ብሎ ሊመልሰን ይችላል። በጀትና ሕገ መንግሥት ሲነካካ ጉዳዩ ተጠቅልሎ ወደ ፌዴሬሽን ምክር ቤት እንደሚላክም አውቃለሁ፤ ሕገ መንግሥት የሚተረጉመው እሱ ነው፤ ቀመሩን የሚያወጣውም እሱ ነው። በሬውን የቆረጠው ሰው ስለ መደቡ ዳኛ ሲሆን አይታችሁ ታውቃላችሁ? የኛ ከህንዶቹ የሚከብደው እዚህ ላይ ነው። ግን አባባን ታውቋቸዋላችሁ።

እማማ ከጀሪካኗ የመጨረሻውን ቀድተው ጀበናው ላይ ጨመሩ። አባባ ከኮታቸው ኪስ የእድር ደረሰኝ አወጡ፤ የፊተኛው በኩል የመስከረም መዋጮ ተጽፎበታል። ገልብጠው ጉልበታቸው ላይ አስተካከሉት፣ እስክሪብቶውን ሰጡኝ። «ቁጥሩን ጻፍልኝ» አሉ። «ያንን ሳሎን ያለውን። የጓዳውን አልፈልግም።»

ጻፍኩላቸው። አንቀጽ 41፣ ንዑስ አንቀጽ 4። ሰኞ ጠዋት፣ ለአራተኛ ጊዜ፣ ያንን ደረሰኝ ይዘው ወደዚያ ቢሮ ይሄዳሉ።